እናታቸው «አንብብ» አሏቸው፦ የቃድር ካን የብዕርና የትወና ዘመን

በዚህ የረመዳን ገጻችን ከኢፍጣር በኋላ ቤተሰብ አንድ ላይ ተቀምጦ ሊያወጋበት የሚችል ርእስ ይዘን መቅረብን እንወዳለን። ዛሬ ይዘን የቀረብነው የአንድ የፊልም ሰው ታሪክ ነው።

«ፊልምና ረመዳን ምን አገናኛቸው?» የሚል አንባቢ አይጠፋም። ታሪኩን እስከ መጨረሻው ላነበበ ሰው መልሱ ይገለጥለታል ብለን እናምናለን። ጅማሬው ከአንዲት ድሃ እናት አፍ የወጣ አንድ ቃል ነው። ቃሉም «አንብብ» የሚል ነው።

በአገራችን የህንድ ፊልም ያልገባበት ቤት ጥቂት ነው። ቀድሞ በሲኒማ ቤት፣ ኋላ በየሰፈሩ በነበሩት ቪዲዮ ቤቶች፣ ዛሬ ደግሞ በቴሌቪዥንና በስልክ ይታያል። ቋንቋውን ሳንሰማ አብረን አልቅሰናል፣ አብረን ስቀናል። «አክተሩ አይሞትም» እየተባባልን ፍልሚያው እስኪያልቅ ትንፋሻችንን ውጠን ጠብቀናል። ታዲያ በስም የምናውቀው አክተሩን ነው። ከአክተሩ ጎን የሚቆመውን፣ አንዴ ጨካኝ ሀብታም፣ አንዴ ተንኮለኛ ጸሐፊ፣ አንዴ ልጄን ለድሃ አልድርም የሚል ኩሩ አባት፣ አንዴ ደግሞ ምስኪን ደርቪሽ ሆኖ የሚመጣውን፣ ድምፁ ጎርነን ያለውን ሰው ግን ብዙዎቻችን በመልክ እንጂ በስም አናውቀውም።

ስማቸው ቃድር ካን ነው። ከ300 በላይ በሚሆኑ ፊልሞች ላይ እንደተወኑ፣ ከ250 በላይ ለሚሆኑት ደግሞ ገጸ ባሕርያቱ የሚናገሩትን ቃል እንደጻፉ ይጠቀስላቸዋል። አክተሩ ተናግሮ ሲኒማ ቤቱ በጭብጨባ ሲናጋ፣ የተጨበጨበለት ቃል ብዙ ጊዜ የእሳቸው ነበር። (በዚህ ጽሑፍ የምንጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ከካቡል ወደ ቦምቤይ

ቃድር ካን የተወለዱት በ1937 በአፍጋኒስታን ዋና ከተማ በካቡል ነው። አባታቸው አብዱራሕማን ካን የካንዳሃር ሰው፣ ዐረብኛ የተማሩ የሃይማኖት ሰው ነበሩ። እናታቸው ኢቅባል ቤጉም ደግሞ ዛሬ በፓኪስታን ውስጥ የሚገኘው የባሉቺስታን ምድር ተወላጅ ናቸው።

ከቃድር በፊት ሦስት ወንዶች ልጆች ተወልደው ነበር። ሦስቱም ስምንት ዓመት ገደማ ሲሆናቸው በየተራ ሞቱ። ስለዚህ አራተኛው ልጅ ሲመጣ የእናት ደስታ ከፍርሃት ጋር ተደባለቀ። ያ ምድር ለልጆቻቸው እንዳልሆነ አምነው፣ ይኼኛው እንኳን እንዲተርፍልኝ ወደ ሌላ አገር እንሂድ ብለው ባላቸውን ወተወቱ። ቤተሰቡ ጓዙን ጠቅልሎ ቦምቤይ ገባ፤ የዛሬዋ ሙምባይ ማለት ነው።

ልጁ ተረፉ፤ ኑሮው ግን ከፋ። ቤተሰቡ ያረፈው ካማቲፑራ በሚባል፣ በድህነትና በወንጀል ስሙ በሚነሳ ሰፈር ነው። ችግሩ ትዳሩንም አላስተረፈው፤ አባትና እናት ተፋቱ፤ እናት ሌላ ባል አገቡ። እንጀራ አባታቸው ሁለት ሩፒ ለምነው እንዲያመጡ ወደ ወላጅ አባታቸው ይልኳቸው እንደነበር ቃድር ካን ራሳቸው በስተርጅና አውግተዋል። ሳይበላ የሚታደርባቸው ቀናት ብዙ ነበሩ።

ጾመኛ ረሃብን ያውቀዋል፤ ግን ፀሐይ ስትጠልቅ ተምሩና ሾርባው እንደሚጠብቀው እያወቀ ነው። ያ ልጅ ምሽቱ ምን ይዞ እንደሚመጣ አያውቅም ነበር።

ሦስት ሩፒ

በሰፈሩ የነበሩት እኩዮቻቸው በየፋብሪካው እየተቀጠሩ በቀን ሦስት ሩፒ ገደማ ያገኙ ነበር። እነሱ ገንዘብ ይዘው ወደ ቤታቸው ሲገቡ፣ ቃድር ደብተር ይዘው ባዶ እጃቸውን ይገባሉ። አንድ ቀን መረራቸውና ትምህርቱን ትተው ወደ ሥራው ሊሄዱ ተነሡ። ከቤት ሊወጡ ሲሉ የእናታቸው እጅ ትከሻቸው ላይ አረፈ።

እናት ያሉት ነገር ሲጠቃለል እንዲህ ነው፦ ዛሬ ለሦስት ሩፒ ብለህ ከሄድክ ዕድሜ ልክህን ዋጋህ ሦስት ሩፒ ሆኖ ይቀራል፤ የቤቱን ችግር ለእኔ ተወው፤ አንተ አንብብ።

ይህ ቃል ለገጻችን አንባብያን እንግዳ አይደለም። በረመዳን ወር በሒራ ዋሻ ለነቢዩ ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ) መጀመሪያ የወረደው ቃል «ኢቅራእ» ነው፤ አንብብ ማለት ነው። ቃድር ካንን ከፋብሪካው መንገድ የመለሳቸውም ይኸው ቃል ሆነ። ያ የእናታቸው ድምፅ ዕድሜያቸውን ሙሉ ከጆሯቸው እንዳልጠፋ ይናገሩ ነበር።

የእናትየው ውሳኔ ቀላል እንዳይመስለን። በቀን ሦስት ሩፒ ለተራበ ቤት ብዙ ነው። በእኛም አገር፣ በአዲስ አበባም ሆነ በደሴ፣ በጅማም ሆነ በድሬዳዋ፣ ልጃቸው ሊስትሮ ሠርቶ ወይም ሸክም ተሸክሞ የሚያመጣት ብር የቤቱን ዳቦ የምትገዛባቸው እናቶች አሉ። ዛሬ የሚገባው ብር በዐይን ይታያል፤ ከአሥር ዓመት በኋላ የሚመጣው ፍሬ አይታይም። ኢቅባል ቤጉም ያልታየውን መረጡ። ረሃቡን ራሳቸው ተሸክመው ልጃቸውን ወደ ደብተሩ መለሱት።

በሁለት መቃብሮች መካከል

ይህ ማለት ግን ቃድር ጭምት ልጅ ነበሩ ማለት አይደለም። እናታቸው ለሰላት ወደ መስጊድ ሲልኳቸው ሾልከው ወደ መቃብር ስፍራ ይሄዱ ነበር። በዚያ ጸጥታ ውስጥ በሁለት መቃብሮች መካከል ተቀምጠው ቀን የሰሙትንና ያነበቡትን ጮክ ብለው ይደግሙታል፤ የአንዱን ሰው አነጋገር ይይዛሉ፣ የሌላውን ይተዋሉ። ቤታቸው ጠባብ፣ ሰፈሩ ጫጫታ ስለነበር ድምፃቸውን የሚለማመዱበት ሌላ ቦታ አልነበራቸውም።

አንድ ምሽት የባትሪ ብርሃን ፊታቸው ላይ በራ። ባትሪውን የያዙት ሰው አሽራፍ ካን የተባሉ የመድረክና የፊልም ተዋናይ ነበሩ። በዚህ ሰዓት እዚህ ምን ትሠራለህ ብለው ጠየቁ። ልጁም ቀን ያገኙትን ደስ የሚል ነገር ማታ እየመጡ እንደሚደግሙት ነገሯቸው። አሽራፍ ካን ለሚያዘጋጁት ቴአትር አንድ ልጅ ይፈልጉ ነበርና ወሰዷቸው። ቃድር ካን መድረክ የረገጡት እንዲህ ነው።

ያ መቃብር ስፍራ ከዓመታት በኋላ ተመልሶ መጣ። በ1978 በወጣው «ሙቀደር ካ ሲካንደር» ፊልም ላይ አንድ ወላጅ አልባ ልጅ እንደ ልጇ የተቀበለችውን እናቱን ቀብሮ መቃብሩ ላይ ያለቅሳል። በዚህ ጊዜ አንድ ደርቪሽ ብቅ ይልና ኀዘንን በሳቅ መቀበልን እንዲለምድ ይመክረዋል። ደርቪሹን ሆነው የተወኑት ቃድር ካን ናቸው፤ ንግግሩን የጻፉትም እሳቸው ናቸው። ጥቂት ደቂቃ ብቻ የሚቆይ ትዕይንት ነው፤ ፊልሙን ያዩ ሰዎች ግን ዛሬም ድረስ ያነሡታል። የተጻፈው በልጅነቱ በመቃብር መካከል ተቀምጦ በሚያውቅ ሰው ብዕር መሆኑን ላወቀ ሰው ደግሞ ትርጉሙ ይጨምራል።

መምህሩ

ቃድር ካን የእናታቸውን ቃል ጠበቁ። እስከ ኮሌጅ ዘልቀው ሲቪል ምሕንድስና ተማሩ። ከዚያም በቦምቤይ ባይኩላ በተባለው አካባቢ በሚገኘው ኤም ኤች ሳቡ ሲዲቅ የምሕንድስና ኮሌጅ መምህር ሆኑ። ኮሌጁ በ1874 የተመሠረተው አንጁማን ኢ ኢስላም የተባለ የሙስሊሞች የትምህርት ማኅበር ካቋቋማቸው ተቋማት አንዱ ነው። ቃድር ካን ቀን ቀን ሕንፃ ሸክሙን እንዴት እንደሚችል ያስተምራሉ፤ ከትምህርት ሰዓት ውጪ ደግሞ ቴአትር ይጽፋሉ፣ ያዘጋጃሉ፣ ይተውናሉ።

የቴአትራቸው ዝና ዲሊፕ ኩማር ጆሮ ደረሰ። እኒህ ሰው ትክክለኛ ስማቸው ዩሱፍ ካን ነው፤ የፔሻዋር ተወላጅ ሲሆኑ በዘመኑ ከህንድ ፊልም ተዋንያን ሁሉ እጅግ ይከበሩ ነበር። ቴአትሩን ለማየት ሲጠይቁ መምህሩ ሁለት ነገር አስቀደሙ፦ መጋረጃው ሳይከፈት እንዲገኙ፣ ከጀመሩም እስከ መጨረሻው እንዲያዩ። ሌላ ሰው ቢሆን ዲሊፕ ኩማር መጡልኝ ብሎ በደስታ በሰከረ ነበር። ቃድር ካን ግን ቴአትርን በልመና የሚታይ ነገር አላደረጉትም።

ታላቁ ተዋናይ በሰዓቱ ተገኙ፤ እስከ መጨረሻውም አዩ። ሲያልቅ መድረክ ላይ ወጥተው መምህሩን ለሁለት ፊልሞች እንደመረጧቸው በሕዝብ ፊት ተናገሩ። ፊልሞቹ «ሳጊና» እና «ቤይራግ» ናቸው። በ1973 ለእይታ የበቃው «ዳግ» ደግሞ ቃድር ካን መጀመሪያ ከታዩባቸው ፊልሞች አንዱ ሆነ።

ብዕሩ

እዚህ ላይ ስለ ህንድ ፊልም አሠራር አንድ ነገር ማብራራት ይኖርብናል። በቦምቤይ ፊልም ታሪኩን የሚያፈልቀው፣ ትዕይንቱን የሚያዋቅረውና ገጸ ባሕርያቱ የሚናገሩትን የሚጽፈው ብዙ ጊዜ የተለያየ ሰው ነው። የመጨረሻው «የዲያሎግ ጸሐፊ» ይባላል። ተመልካቹ ከሲኒማ ቤት ሲወጣ በአፉ ይዞት የሚወጣው ቃል የእሱ ነው። የቃድር ካን ዋና ሥራ ይኸው ነበር።

ወደዚህ ሥራ የገቡት «ሎካል ትሬን» በተባለው ቴአትራቸው በኩል ነው። ቴአትሩን ካዩት መካከል የፊልም ዳይሬክተሩ ናሪንደር ቤዲ ይገኙበት ነበር። እኒህ ሰው በ1972 ለወጣው «ጀዋኒ ዲዋኒ» ንግግር እንዲጽፉ ጠየቋቸው። ቃድር ካን ወረቀታቸውን ይዘው ክሮስ ማይዳን ወደሚባለው የከተማው ሜዳ ሄዱ። ኳስ የሚጫወቱት ሲንጫጩ እሳቸው ሥር ተቀምጠው አራት ሰዓት ያህል ጽፈው ጨረሱት። የተከፈላቸው 1,500 ሩፒ ነበር።

ቀጥሎ የመጡት ዳይሬክተር ማንሞሃን ዴሳይ ናቸው። ዴሳይ ቅኔና ተረት እያበዙ ተራ ሰው የማይገባውን በሚጽፉላቸው ጸሐፊዎች ተማርረው ነበር። እሳቸው የሚፈልጉት ሕዝቡ ሰምቶ ወዲያው የሚያጨበጭብለትን ነው። ለ«ሮቲ» ፊልም መጨረሻ የሚሆነውን ንግግር ጽፈህ አምጣ፤ ካልወደድኩት እጥለዋለሁ ብለው ለቃድር ካን ሰጧቸው። ቃድር ካን በአንድ ሌሊት ጽፈው አመጡ። ዴሳይ በሰፈራቸው መንገድ ላይ ከልጆች ጋር ክሪኬት ሲጫወቱ ነበር ያገኟቸው።

የሆነውን ቃድር ካን ራሳቸው ሲያወጉት፣ ዴሳይ ንባቡን ሰምተው በደስታ ደጋግመው አስነበቧቸው፤ ከቤታቸው ቴሌቪዥንና የወርቅ አምባር አውጥተው ሸለሟቸው። ስለ ክፍያ ሲጠየቁ ቃድር ካን 25,000 ሩፒ አሉ። ዴሳይ ግን ወደ 121,000 ከፍ አደረጉት። «ሮቲ» በ1974 ወጣ።

እስቲ አንድ ቀላል ሒሳብ እንሥራ። በቀን ሦስት ሩፒ የሚያገኝ የፋብሪካ ሠራተኛ 121,000 ሩፒ ለማግኘት አንድም ቀን ሳያርፍ ከመቶ ዓመት በላይ መሥራት አለበት። እናትየው በትከሻው ላይ እጃቸውን ባያሳርፉ ኖሮ የልጃቸው ዋጋ የትኛው ይሆን ነበር?

የሰፈር ቋንቋ

ያ ብዕር የሚጽፈው ከየት የመጣ ቋንቋ ነው? መልሱ ካማቲፑራ ነው። ቃድር ካን ኡርዱን በሚገባ ያውቃሉ፤ የጻፉት ግን ጫኙ፣ አሽከሩና መንገድ ዳር የሚነግደው የሚናገሩትን ነው። ድሃው በስክሪኑ ላይ የራሱን አፍ ሰማ።

በ1977 የወጣውን «አማር አክባር አንቶኒ» እናስታውስ። ከልጅነታቸው የተለያዩ ሦስት ወንድማማቾች አንዱ በሂንዱ፣ አንዱ በሙስሊም፣ አንዱ በክርስቲያን ቤት ያድጋሉ። በመጨረሻም አንድ እናት እንደወለደቻቸው ይገነዘባሉ። ሦስቱም የሚናገሩት በየራሳቸው አነጋገር ነው፤ ያን የጻፉት ቃድር ካን ናቸው። በአንድ ቤተ ዘመድ ውስጥ ሙስሊምና ክርስቲያን በሚገኝበት በወሎ ላደገ ሰው የፊልሙ ነገር ተረት አይመስልም።

በ1983 የወጣው «ኩሊ» ደግሞ የባቡር ጣቢያ ወዛደር ታሪክ ነው። ወዛደሩ ኢቅባል ክንዱ ላይ የሚያስረው ምልክት ቁጥሩ 786 ነው፤ የህንድና የፓኪስታን ሙስሊሞች ብዙ ጊዜ በቢስሚላህ ምትክ የሚጽፉት ቁጥር ማለት ነው። አሚታብ ባችቻን ወዛደሩን ሆነው ሲተውኑ፣ ቃሉን የጻፉላቸው ቃድር ካን ናቸው። የፊልሙን ክፉ ሰው ሆነው የተወኑትም እሳቸው ናቸው! አክተሩ እሳቸውን የሚያዋርድበትን ቃል ቀን ራሳቸው ይጽፋሉ፣ ከዚያ ካሜራ ፊት ቆመው ይዋረዱበታል።

በዚያን ዘመን ማንሞሃን ዴሳይና ፕራካሽ ሜህራ የተባሉት ሁለት ታላላቅ ዳይሬክተሮች የሚፎካከሩ ሰዎች ነበሩ። ቃድር ካን ግን ለሁለቱም ጽፈዋል። ለዴሳይ «ናሲብ»ን፣ ለሜህራ «ላዋሪስ»ን፣ ሁለቱም በ1981 የወጡ ናቸው። ፉክክሩን ሳይገቡበት ለሁለቱም እንጀራቸውን በብዕራቸው በሉ። «ሜሪ አዋዝ ሱኖ» በተባለው ፊልምና በ1992 በወጣው «አንጋር» ለጻፉት ንግግር ፊልምፌር የተባለው የታወቀ ሽልማት ተሰጥቷቸዋል።

ከክፉው ሰውዬ ወደ ሳቅ

በትወናው በኩል ቃድር ካን ለብዙ ዓመታት የሚታወቁት በክፉ ሰውነት ነበር። የሚያታልሉ፣ የሚደበድቡ፣ በመጨረሻም በአክተሩ የሚደበደቡ። ይህ ሥራ እቤት ድረስ ተከትሏቸው መጣ። ልጃቸው ከትምህርት ቤት ተጣልቶ ልብሱ ተቀዳዶ እንደመጣ ቃድር ካን አውግተዋል። እኩዮቹ አባትህ ክፉ ነው፣ ሁልጊዜ ይመታል እያሉ ያበሽቁት ነበር። አባት ይህን ሲሰሙ ከክፉ ገጸ ባሕርይ ለመራቅ ወሰኑ።

ዕድሉ የመጣው በ1983 በ«ሂማትዋላ» ነው። በዚያ ፊልም የባለጸጋ አጎብዳጅ ጸሐፊ ሆነው ተመልካቹን በሳቅ ገደሉት። ከዚያ በኋላ በሩ ወለል ብሎ ተከፈተ። በ1990 «ባፕ ናምብሪ ቤታ ዳስ ናምብሪ» ላይ አጭበርባሪ አባት ሆነው በመተወናቸው በአስቂኝነት የፊልምፌር ሽልማት አገኙ። በ1990ዎቹ ደግሞ ከጎቪንዳ ጋር የሠሯቸው ፊልሞች በእኛም አገር ቪዲዮ ቤቶችን ያጣበቡ ናቸው። በ1995 በወጣው «ኩሊ ነምበር ዋን» ሀብታም አማች ፍለጋ ዐይኑ የታወረ አባት ናቸው። በ1998 በወጣው «ዱልሄ ራጃ» ደግሞ ከትልቁ ሆቴላቸው ፊት ለፊት አንድ ድሃ ትንሽ ምግብ ቤት ከፍቶ እንቅልፍ የሚነሳቸው ባለሀብት ናቸው። በሁለቱም የሚሳቅበት ነገር አንድ ነው፤ የሀብታም ትዕቢት። ካማቲፑራ ያደገ ሰው በሀብታም ላይ እንዴት እንደሚሳቅ ያውቃል።

ታሪካቸውን በሙሉ ማወደስ ግን ሐቁን ማጉደል ይሆናል። በእነዚያ ዓመታት ቃድር ካን ከተሳተፉባቸው ፊልሞች አንዳንዶቹ ቅጥ ባጣ ቀልድና በአሽሙር የተሞሉ፣ ከልጅ ጋር ተቀምጠው የማይታዩ እንደነበሩ በአገራቸው ተተችተዋል። ትችቱ እውነት አለው። አበው «ከአፍ የወጣ አፋፍ» እንዲሉ፣ በሚሊዮን የሚቆጠር ሕዝብ ፊት የተነገረ ቃል መመለሻ የለውም። ቃድር ካን ራሳቸው በኋለኛው ዘመናቸው የፊልም ቋንቋ መውረዱን በቁጭት ያነሡ ነበር፤ ወደ ቀድሞው ጨዋ አነጋገር መመለስ እንደሚገባ ተናግረዋል።

የአባት ጥሪ

ታሪኩ በዚህ ቢያበቃ የአንድ ዝነኛ ሰው ታሪክ ሆኖ በቀረ ነበር። ግን በስተመጨረሻ ሌላ ድምፅ መጣ፤ በዚህ ጊዜ የአባት ነው።

አባታቸው አብዱራሕማን ካን ወደ ኔዘርላንድስ ሄደው በዚያ ዐረብኛና እስላማዊ ትምህርት ያስተምሩ ነበር። ሞታቸው ሲቃረብ ልጃቸውን ሥራውን ተረክበው እንዲቀጥሉ ጠየቋቸው። ቃድር ካን እኔ የፊልም ሰው ነኝ፣ ዐረብኛውን ከየት አውቄ ብለው ተጨነቁ። አባትም ፊልሙንስ ቢሆን ማን አስተምሮህ ነበር፣ ተምረህ አይደለም ወይ የሚል መልስ ሰጧቸው።

ቃድር ካንም በጎልማሳነት ዕድሜያቸው፣ ስማቸው በመላው ህንድ ከታወቀ በኋላ፣ እንደገና ተማሪ ሆኑ። ሐይደራባድ ከተማ ባለው ኦስማኒያ ዩኒቨርሲቲ ተመዝግበው ዐረብኛና እስላማዊ ትምህርት አጠኑ። ከዚያም ምሁራንን አሰባስበው ዐረብኛንና የሃይማኖት ዕውቀትን ከሕፃናት ጀምሮ እስከ ከፍተኛ ደረጃ ለማስተማር የሚሆን ሥርዓተ ትምህርት ማዘጋጀት ያዙ። ሐሳባቸው ሰው የሚያነበውን እንዲገባው ማድረግ ነበር። የምሕንድስና መምህር የነበሩት ሰው በመጨረሻም ወደ መምህርነታቸው ተመለሱ ማለት ነው።

በእኛ አገር የቂርአት ባህል ይህ ነገር ቶሎ ይገባናል። በወሎ ሉሑን ይዞ ከአንዱ ሸኽ ወደ ሌላው ሸኽ የሚዘዋወር ደረሳ ዕድሜውን አይቆጥርም። ጢሙ የሸበተ ሰው ከልጅ እግር ጎን ተቀምጦ ሲቀራ ማንም አይስቅበትም። በዚህ በረመዳን ደግሞ ዕድሜያቸው ከገፋ በኋላ አሊፍ ብለው የጀመሩ አባቶችና እናቶች በየመስጊዱ ሲቀሩ እናያለን። ቃድር ካን ከእነዚህ የሚለዩት በዝናቸው ብቻ ነው።

የመጨረሻዎቹ ዓመታት

በኋለኞቹ ዓመታት ቃድር ካን ሚዛንን፣ እንቅስቃሴንና ንግግርን በሚያጠቃ የአንጎል ሕመም ተያዙ። በተሽከርካሪ ወንበር መንቀሳቀስ ጀመሩ፤ ልጆቻቸው ወዳሉበት ወደ ካናዳም ሄዱ። ዕድሜያቸውን በቃል የኖሩ ሰው ቃል ከአፋቸው እየራቀ ሄደ። ታኅሣሥ 31 ቀን 2018 ቶሮንቶ ከተማ አቅራቢያ በ81 ዓመታቸው ወደማይቀረው አገር ሄዱ። ቀብራቸውም በዚያው በካናዳ ተፈጸመ። አላህ ይዘንላቸው።

ልጆቻቸው አባታቸው በታመሙበት ጊዜ ከፊልሙ ዓለም የጠየቃቸው ሰው ጥቂት መሆኑን በኀዘን ገልጸዋል። የዱንያ ነገር እንዲህ ነው፤ ስትቆም ያጨበጭባል፣ ስትተኛ ይረሳል። የህንድ መንግሥት «ፓድማ ሽሪ» የተባለውን የክብር ሽልማት የሰጣቸው ከሞቱ በኋላ በ2019 መጀመሪያ ነው።

ለቤተሰብ የቀረ ነገር

የቃድር ካንን ሕይወት ያቃኑት ከቤት የወጡ ሁለት ድምፆች ናቸው። እናት በልጅነታቸው «አንብብ» አሏቸው፣ የእህል ውሃ ችግር እያለባቸው። አባት ደግሞ ስማቸው ከገነነ በኋላ «አሁንም ተማር» አሏቸው። በመካከል ያለው የ300 ፊልም ዘመን፣ ጭብጨባውና ሽልማቱ ሁሉ በእነዚህ ሁለት ድምፆች መሀል የተቀመጠ ነው። ሁለቱም የተነገሩት ካሜራ በሌለበት፣ ተመልካች በሌለበት ነው።

የዚህ ገጽ አንባብያን ልጆቻችሁ ዛሬ ማታ ሳምቡሳውን እየተሻሙ ከጎናችሁ ይቀመጣሉ። አንዱ ትምህርት ሰልችቶት ሥራ ልግባ የሚል ይሆናል፤ አንዱ መንገድ ላይ የሰማውን እየደገመ ቤቱን የሚያስቅ ይሆናል፤ አንዱ ደግሞ ከተራዊሕ ሾልኮ የሚጠፋ ይሆናል። የካማቲፑራው ልጅ ሦስቱንም ነበሩ። እናታቸው ግን በአንዱም ተስፋ አልቆረጡባቸውም። ትከሻቸው ላይ ያረፈው እጅ አልገፋቸውም፣ አልመታቸውም፤ መልሶ ወደ ደብተራቸው አዞራቸው እንጂ።

ይህ ወር አንብብ የተባለበት ወር ነው። ቁርኣኑም በየቤቱ እየተከፈተ ነው። ከቁርኣኑ ጎን የልጆቹ ደብተርም ይከፈት እንላለን። መልካም ጾም፣ መልካም ንባብ።